የቃሎ ሜዳ ጅጌ

ቃሎ ሜዳ በሀገር አቀፉ የጉርብትና ውድድር ለሦስተኛ ጊዜ አንደኛ መውጣቷ የተነገረው በሁለት ሺህ ሰባ አንድ ዓመተ ምህረት ሰኔ ሁለት ቀን ጠዋት ነበር። በዚያው ሰዓት የከተማዋ የቧንቧ ሠራተኛ ሰዓዳ ይማም ከምንጩ በላይ ባለው የድጋፍ ግንብ ሥር ተንበርክካ እጇን ስንጥቅ ውስጥ ከታ ነበር። ባለፈው ሳምንት የሚገባው ጣቷ ብቻ ነበር። አሁን እጇ እስከ አንጓዋ ገባ።

ሰዓዳ ሃምሳ አራት ዓመቷ ነው። የከተማዋን ውሃ ሃያ ስድስት ዓመት ይዛለች። ባሏ ከሞተ ስድስት ዓመት አልፎታል፤ ሁለት ሴት ልጆቿ አግብተው ኮምቦልቻ ይኖራሉ። ብዙ የማታወራ፣ ሥራዋን ጨርሳ መሣሪያዋን ጠርጋ የምትሄድ ሴት ናት። በከተማው ውስጥ በየቀኑ የሰው በር የምታንኳኳው እሷ ብቻ ነበረች። ሥራ ስለሆነ ግን እንደ ጉብኝት አይቆጠርላትም።

ግንቡ ከተሠራ አርባ ዓመት ሆኖታል። ከላይ ያለውን ተዳፋት አፈር ይዞ የቆመ ነው። ከሥሩ የምንጩ ማጠራቀሚያ፣ ከማጠራቀሚያው በታች ደግሞ አሥራ አንድ ቤት አለ። ክረምቱ ሊገባ ሁለት ሳምንት ቢቀረው ነው። ሰዓዳ እጇን አውጥታ በቀሚሷ ጠረገችና እዚያው ተንበርክካ ጅጌ ጠራች።

ጅጌ ድሮ የሰው ስብስብ ነበር። አንድ ሰው ቤት ሲሠራ ወይም አዝመራው ሲደርስ ጎረቤቶቹን ይጠራል፤ ይመጣሉ፤ ሠርተው፣ በልተው፣ ተጨዋውተው ይሄዳሉ። ከአሥራ አንድ ዓመት ወዲህ ግን ጅጌ በስልክ የሚሠራ የጉርብትና አገልግሎት ስም ነው። ለሥራ የተሰበሰበ ሰው የሚጠራበት ሌላ ቃል በከተማው አልቀረም። ነገሩ ከጠፋ ስለቆየ ቃሉ የናፈቀው ሰውም አልነበረም።

በጅጌ ውስጥ እያንዳንዱ ነዋሪ በኮምፒውተር የተሠራ ምትክ አለው። ምትኩ በባለቤቱ ድምፅ ይናገራል፤ የባለቤቱን ጠባይ ያውቃል፤ አይደክመውም። ጠዋት ጎረቤቱን ሰላም ይላል፣ የታመመ ይጠይቃል፣ ለቅሶ ይደርሳል፣ ስብሰባ ተቀምጦ እጅ ያወጣል። ባለቤቱ ደግሞ ቁርሱን እየበላ የተደረገለትን ያዳምጣል። «ትናንት ሠላሳ አንድ ሰው ሰላም ብለዋል። የአቶ ሙህዬን ሚስት አጽናንተዋል። ከወይዘሮ በላይነሽ ጋር በአጥር ጉዳይ ተጋጭተው በሽማግሌ ታርቀዋል።» ሰውየው ሻዩን ፉት ይላል። ወይዘሮ በላይነሽ ማን እንደሆነች አያውቅም። አጥርም የለውም።

ሰዓዳም እንደ ሁሉም ሰው ምትክ አላት። የሰዓዳ ምትክ በጣም ተጫዋች ናት ይባላል፤ ሠርግ ላይ ትዘፍናለች።

የጻፈችው አጭር ነበር። «ከምንጩ በላይ ያለው ግንብ ተሰንጥቋል። ከሥሩ አሥራ አንድ ቤት አለ። ዝናቡ ሳይጠና መደገፍ አለበት። ቅዳሜ ጠዋት ስልሳ ሰው ይበቃል። ዲጂኖና አካፋ ያለው ይዞ ይምጣ።»

ስልኳን ወደ ኪሷ ሳትመልሰው አንድ ሺህ ዘጠኝ መቶ አርባ ሰው «እመጣለሁ» አለ። አንዱ በሬ አርዳለሁ ብሎ ቃል ገባ። ሦስት ሰዎች ማን በሬ ይረድ በሚለው ላይ በፍቅር ተከራከሩ፤ ክርክሩ በከተማው የሳምንቱ ምርጥ ውይይት ተብሎ ተመረጠ።

ቅዳሜ ሰዓዳ አንድ ሰዓት ላይ ደረሰች። ድንጋይ የሚያስቀምጡበትን ቦታ በገመድ ለየች። ሁለት ሰዓት ሆነ። ሦስት ሰዓት ሆነ። አራት ሰዓት ሊሆን ሲል አንድ ሰው በነጠላ ጫማ፣ በእጁ ፀሐዩን እየከለለ ዳገቱን ወጣ።

«ይቅርታ፣ የውሃ ሠራተኛዋ እርስዎ ነዎት?»

«ነኝ።»

«የሻወሬ ውሃ ቀንሶብኝ ነበር። ደምሌ እሸቴ እባላለሁ። ቤቴ ከመድኃኒት ቤቱ ጀርባ ነው።»

ሰዓዳ ቀና ብላ አየችው። ከሷ ብዙ የማያንስ፣ ቤት መዋል ያገረጣው ሰው ነው። ደምሌ እሸቴ በጅጌ ውስጥ የቅርብ ወዳጇ ነበር። የታናሽ ልጇ ሠርግ ላይ እስኪያልበው ጨፍሯል ተብሎ ተነግሯታል። አንተ አንቺ ከተባባሉ አራት ዓመታቸው ነው፤ አሁን ግን ፊት ለፊት ሲቆሙ ሁለቱም አንቱታውን ያዙ።

«ለጅጌው የመጡ መስሎኝ ነበር» አለችው።

«ለየትኛው ጅጌ?»

«ለግንቡ።»

«እሱን እንኳ ሄጃለሁ መሰለኝ» አለ ደምሌ። ስልኩን አወጣና አየ። «አዎ። ከአንድ ሰዓት ጀምሮ እዚያ ነኝ። ድንጋይ እያቀበልኩ ነው።»

ሁለቱም ግንቡን አዩት። ከስንጥቁ ውስጥ አንዲት እንሽላሊት ወጥታ ፀሐይ ትሞቃለች።

«ሻወርዎን ሰኞ መጥቼ አየዋለሁ» አለች ሰዓዳ።

ደምሌ አመስግኖ ወረደ። ሰዓዳ እስከ ቀትር ብቻዋን ድንጋይ ስትደረድር ቆየች፤ ጉልበት ከፍታ የሚደርስ፣ ሁለት እርምጃ የሚሆን ደጋፊ አቆመች። ግንቡ ርዝመቱ ሠላሳ አምስት እርምጃ ነው። ወደ ቤቷ ስትወርድ ስልኳ ጮኸ። «ጅጌው ተሳክቷል። ግንቡ ተጠግኗል። ሰዓዳ፣ እንኳን ደስ ያለሽ።»

ሰኞ ጠዋት የከተማውን ጅጌ ወደሚያስተዳድረው የትስስር ጽሕፈት ቤት ሄደች። የጽሕፈት ቤቱ ባለሙያ ሐያት ጀማል ወደ ቃሎ ሜዳ ከተመደበች ሁለት ዓመቷ ነው። ወጣት፣ ትሁትና ሥራዋን የምትወድ ልጅ ናት። ከጀርባዋ ሁለት ዋንጫ ተቀምጧል፤ ለሦስተኛው ቦታ ተጠርጓል።

«እትዬ ሰዓዳ፣ ቅዳሜ እንዴት ደስ የሚል ነገር ሠራችሁ።»

«ምንም አልሠራንም። ግንቡ እንዳለ ነው።»

«ተጠግኗል እኮ።»

«የት?»

«እዚህ።» ሐያት ስክሪኑን አዞረችላት። ቀጥ ያለ፣ ነጭ ሲሚንቶ የለበሰ ግንብ ይታያል። ከፊቱ ስልሳ ያህል ሰው አቧራ ለብሶ ይስቃል። መሃል ላይ ሰዓዳ ራሷ አለች፤ የሌላትን ቢጫ ሻሽ አስራለች።

«ይሄ ውሸት ነው።»

«ውሸት እንኳ አይደለም» አለች ሐያት ረጋ ብላ። «ከተሳታፊው ብዛትና ከነዋሪው ፍላጎት ተነሥቶ የተሠራ ነው። ትክክለኛነቱ ዘጠና አራት ከመቶ ነው።»

«ተነሺና እንሂድ። ሃያ ደቂቃ ነው። በዓይንሽ እይው።»

ሐያት ጫማዋን አየች። በሁለት ዓመት ውስጥ ወደ ምንጩ ወጥታ አታውቅም። «ሐሙስ ለዋንጫው ልዑካን ይመጣሉ፤ መሰናዶ ላይ ነኝ። ምትኬን ልላክልዎ?»

«ምትክሽማ ቅዳሜም ነበረች። በይ እንደገና ጥሪልኝ፤ ስልሳ ሰው፣ በእግሩ የሚመጣ።»

«የተጠገነ ግንብ ለመጠገን ጅጌ አይጠራም፤ ሥርዓቱ አይቀበለኝም። እንደገና የሚከፈተው ግንቡ ሲፈርስ ነው።»

«ሲፈርስ ሰው ላይ ነው የሚፈርሰው።»

«እሱ ከሆነ አደጋ በሚለው ውስጥ ይገባል» አለች ሐያት። ክፋት አልነበረባትም። ሥራዋን ያስተማሯት ሰዎች እንዲህ ነበር ያስተማሯት፤ እሷንም ያስተማሯት ምትኮቻቸው ናቸው።

ሰዓዳ ከዚያ ወደ መምህር ሽበሺ ካሳው ሄደች። መምህር ሽበሺ ሰማንያ አንድ ዓመታቸው ነው። የከተማውን ግማሽ ሰው ጂኦግራፊ አስተምረዋል። እግራቸው ከከዳቸው ወዲህ አልጋቸውን ከጓዳው ግድግዳ ጋር አስጠግተው፣ ካርታና መጽሐፍ ከበው ይውላሉ። ያ የጓዳ ግድግዳ ከግንቡ አሥራ አምስት እርምጃ አይርቅም።

«ሰዓዳ፣ ግቢ። ግንቡን ስለጠገናችሁ አመስግኛችኋለሁ አሉኝ።»

«ማነው ያለዎት?»

«ይሄ።» ወደ ስልካቸው ጠቆሙ። «ቅዳሜ ከሥራው በኋላ ንግግር አድርጌ ነበር አሉ። ሰው አልቅሷል። አንብብልኝ ብዬ አዳመጥኩት፤ ከኔ ይሻላል። እኔ እንዲያ ረጋ ብዬ ተናግሬ አላውቅም።»

«መምህር፣ ግንቡ አልተጠገነም።»

«አውቃለሁ። ትናንት አፈር ሲረግፍ ሰምቻለሁ።»

«እንግዲያው ይነሡ። እኔ ቤት የልጆቼ ክፍል ባዶ ነው።»

«እኔን ብታወጪኝ አሥር ቤት ይቀራል» አሉ ሽማግሌው። «ሁሉም ግንቡ ተጠግኗል ብለው ነው የተቀመጡት። የሁሉንም በር አንኳኩተሽ ብትነግሪያቸው ስልካቸውን ያያሉ፣ ሥዕሉን ያያሉ፣ አንቺን ያያሉ። የትኛውን የሚያምኑ ይመስልሻል?»

ሰዓዳ ሞከረች። ያን ቀን ከሰዓት በኋላ አሥሩንም በር አንኳኳች። ስድስቱ ከፈቱ። ስድስቱም ስልካቸውን አዩ። አንዲት ሴት ደግሞ በአዘኔታ «ሥራ በዝቶብሽ ነው፤ ትንሽ ዕረፊ» አለቻት።

ረቡዕ ጠዋት አሥራ ሁለት ሰዓት ተኩል ላይ ሰዓዳ የጤና ጣቢያውን መስመር ለይታ ክፍት ተወችና የከተማውን ዋና ቫልቭ ዘጋችው። በሃያ ስድስት ዓመት ውስጥ ለጥገና ካልሆነ ዘግታው አታውቅም። ለማንም ምንም አልጻፈችም።

የመጀመሪያው ቀን በጅጌ ውስጥ ትልቅ የመተሳሰብ ቀን ሆነ። ምትኮች እርስ በርስ አይዞህ አይዞሽ ተባባሉ። አንዱ ለሌላው ውሃ እንደሚያካፍል ቃል ገባ፤ ሌላውም መልሶ ለሱ። ስለ ውሃ ጥቅም የተገጠመ ግጥም ተነበበ። ማታ ላይ የከተማው የመተሳሰብ ነጥብ ከመቼውም በላይ መሆኑ ተነገረ። የጠማው ግን ምትክ አልነበረም። ሐሙስ ጠዋት ሰው ጀሪካን ይዞ ከቤቱ ወጣ።

ዳገቱን ሲወጡ ሰዓዳ ከላይ ሆና አየቻቸው። ዓይናቸውን ጨፈን ከፈት እያደረጉ፣ ተራርቀው፣ ማን ማንን ሰላም ማለት እንዳለበት ሳያውቁ ነበር የሚመጡት። በአሥራ አንድ ዓመት ውስጥ እንዲህ አልወጡም። አንድ ሰው ከጎኑ የምትሄደውን ሴት ስሟን ጠየቃት።

«በላይነሽ» አለችው።

ሰውየው ቆመ። «ታርቀናል መሰለኝ።»

«ምን አድርገውኝ ነበር?»

«አጥር ነው ያሉኝ።»

ሴትየዋ ትንሽ አሰበችና ጀሪካኗን ወደ ሌላው እጇ አዛወረች። «ይሁን እንግዲህ» አለች።

ከማጠራቀሚያው በሚወጣው ቧንቧ አጠገብ ሰዓዳ ቆማለች። «ውሃው አለ» አለቻቸው። «አንድ ጀሪካን ለመቅዳት አሥር ድንጋይ ከዚያ ክምር ወደ ግንቡ ታመጣላችሁ። ከዚያ እኔ አሳያችኋለሁ።»

አጉረመረሙ። አንዱ ይሄ መመሪያ ከየት መጣ አለ። ስልኩን አይቶ ምንም ስላላገኘ ግራ ገባው። ከኋላ ያሉት ግን ውሃውን ያያሉ፤ ተጠምተዋል። መጀመሪያ ሁለት ሴቶች ድንጋይ አነሡ። ከዚያ ሌላው ተከተለ። መዳፋቸው ለስላሳ ስለሆነ ብዙ ሳይቆይ ተላላጠ። አንድ ሰዓት ያህል ከሠሩ በኋላ አንድ ሰው ሳቀ፤ ለምን እንደሳቀ ማንም አላወቀም። አምስት ሰዓት ላይ ሁለት መቶ ያህል ሰው እዚያ ነበር፤ ግንቡም ከአንደኛው ጫፍ ጀምሮ ወገቡ እየተደገፈ መጣ።

በዚያው ሰዓት ታች አዳራሹ ውስጥ ልዑካኑ ዋንጫውን ያስረክቡ ነበር። አዳራሹ ውስጥ አራት ልዑካንና ሐያት ነበሩ፤ የቀረው ታዳሚ ግድግዳው ላይ ባለው ስክሪን ነው። ዋንጫውን የተቀበለችው የሰዓዳ ምትክ ስትሆን፣ ጥቂት ቀልዳ ሁሉንም አስቃለች። ከልዑካኑ አንዱ እጁን ሊታጠብ ገብቶ ውሃ አጣ።

ደምሌ የመጣው ስድስት ሰዓት ሊሆን ሲል ነው። ሁለት ጀሪካን ይዟል፤ ዛሬ ጫማ አድርጓል። ሥራው ከቤቱ ሆኖ የድራማ ድምፅ ማስተካከል ነው፤ ጆሮው ሌላው የማይሰማውን ይሰማል። ተራ ሲጠብቅ ወደ ከተማው በሚወርደው ወፍራም ቧንቧ ላይ ተቀመጠ። ከዚያ ተነሣና ጎንበስ ብሎ ጆሮውን አስጠጋ። ወደ ሰዓዳ መጣ።

«ውሃው ቧንቧው ውስጥ አለ» አላት ዝቅ ባለ ድምፅ። «ቆሞ ነው ያለው። ይሰማኛል።»

ሰዓዳ ውሸት ልትናገር ትችል ነበር። «ዘግቼው ነው» አለችው።

«ሆን ብለው?»

«ሆን ብዬ።»

ደምሌ ፊቱ ተለዋወጠ። «እናቴ አልጋ ላይ ናት። ትናንትና ሳላጥባት ነው የዋለችው፤ ተሳቀቀችብኝ። እኔ ደግሞ ቧንቧ ተሰብሮ ነው፣ ምስኪኗ ሴትዮ እየለፋች ነው እያልኩ አዝንልዎታለሁ።» ድምፁ ሳያስበው ከፍ አለ። ሰው ሰማ። «ዘግታው ነው!» አለ አንዱ ከኋላ። ድንጋይ የያዙት ድንጋያቸውን ጣሉ። አንዱ ሰዓዳን ሰደባት፤ አንዲት ሴት እከስሻለሁ አለቻት። ብዙዎቹ ጀሪካናቸውን ሞልተው መውረድ ጀመሩ። የሚከለክላቸው አልነበረም፤ ሰዓዳም ከቧንቧው ገለል ብላ ቆመች።

«እናትዎን ይቅርታ ይጠይቁልኝ» አለችው ደምሌን። «ከመሄድዎ በፊት ግን እጅዎን እዚህ ያስገቡ።»

«የት?»

ወደ ምሥራቁ ጫፍ፣ ገና ወዳልተደገፈው ወሰደችው። ደምሌ እጁን ስንጥቁ ውስጥ ከተተ። እስከ ክርኑ ገባ። እጁን ሳያወጣ ጆሮውን ከግንቡ ጋር አጣበቀ።

«ምን ይሰማዎታል?»

«አፈር ይወርዳል» አለ። «በቀስታ።» እጁን አውጥቶ ወደ ታች፣ ወደ መምህር ሽበሺ ጣራ ተመለከተ። «እኚህ ሰውዬ አስተምረውኛል» አለ። ጀሪካኖቹን እዚያው ትቶ ወደ ድንጋዩ ክምር ሄደ።

የቀሩት አርባ ሦስት ሰዎች ነበሩ። ሌላው ወርዷል። አርባ ሦስቱ ሳያወሩ ሠሩ፤ አንዳንዶቹ በሰዓዳ ላይ እንደተቆጡ ነው የሠሩት፣ ፊቷንም አያዩም ነበር። ስምንት ሰዓት ላይ ከዳገቱ በላይ ያለው ሰማይ ጠቆረ። የግንቡ ሁለት እጅ ተደግፏል፤ አንዱ እጅ ይቀራል። ዘጠኝ ሰዓት ላይ ሳይታሰብ ዶፍ ወረደ።

«ቤቶቹን እናስወጣ» አለች ሰዓዳ።

በዚህ ጊዜ በር ያንኳኩት አርባ ሦስት ሰዎች፣ ጭቃ በጭቃ ሆነው፣ በአንድ ጊዜ ነበር። ስልኩን ያየ ሰው አልነበረም። ደምሌና ሌሎች ሦስት ሰዎች መምህር ሽበሺን ከነአልጋቸው አነሧቸው። ሽማግሌው አልጋው ላይ ሆነው ዣንጥላ ይዘዋል፤ ከአራቱ ተሸካሚዎች ሦስቱን በስማቸው ጠሯቸው፣ የአራተኛውን የአባቱን ስም ጠየቁት። መንገዱን ተሻግረው ጥቂት እንደሄዱ የምሥራቁ ጫፍ ተናደ። ጭቃው የመምህር ሽበሺን ጓዳ በረጋግዶ ገባና ካርታውንም መጽሐፉንም ይዞ በሳሎኑ መስኮት ወጣ። የተደገፈው ግን ቆመ። የተቀሩት አሥር ቤቶች ደጃቸው ድረስ ጭቃ መጣባቸው እንጂ አልተነኩም። የሞተ ሰው የለም።

ሰዓዳ ዝናቡ ውስጥ ወደ ላይ ተመለሰችና ቫልቩን ከፈተችው።

በሳምንቱ ጠሯት። የውሃ ቤቱን ቁልፎች በሙሉ በፌስታል ይዛ ሄደች፤ እንደሚያባርሯት፣ ምናልባትም እንደሚያስሯት ገምታለች። ጽሕፈት ቤቱ ውስጥ ጅጌን በሀገር ደረጃ ከሚመራው መሥሪያ ቤት የመጡ አንድ ኃላፊ ተቀምጠዋል። ሐያት ከጎናቸው ቆማ ወለሉን ታያለች። ግንቡ በተናደ ማግስት፣ ዓርብ፣ ብቻዋን ወደዚያ ወጥታ ነበር።

«ተቀመጪ፣ ወይዘሮ ሰዓዳ» አሉ ኃላፊው ፈገግ ብለው። «ሐሙስ ዕለት በቃሎ ሜዳ ሁለት መቶ ሰባ አካላዊ ግንኙነት ተመዝግቧል። በአሥራ አንድ ዓመት ውስጥ እዚህ ከተደረገው ሁሉ ይበልጣል። ማነው ያሠለጠነሽ?»

«ማንም።»

«የሚገርም ነው። እኛ ስንት ጥናት ስናስጠና፣ ነገሩ ለካ ቫልቭ ነው።»

«ግንቡ ሊፈርስ ነበር፤ ለዚያ ነው የዘጋሁት።»

«የትኛው ግንብ?»

ሰዓዳ ወደ ሐያት አየች። ሐያት አፏን ከፈተች፤ ኃላፊው ግን ስክሪኑን ተመልክተው ነበር። «ተጠግኗል ይላል» አሉ። «ሰኔ ሰባት ቀን። ፎቶውም አለ፣ እንዲያውም አንቺም አለሽበት።»

«ፈርሷል» አለች ሐያት። «አይቼዋለሁ። የአንድ ሰው ቤትም ሄዷል።»

«የተጎዳ ሰው አለ?»

«የለም።»

«እንግዲያው አደጋ አይደለም» አሉ ኃላፊው። የፌስታሉን ቁልፎች አልተቀበሏትም። ይልቁንም የምስክር ወረቀት ሰጧት።

ከሐምሌ መጀመሪያ አንሥቶ በሁለት መቶ አሥራ አራት ከተሞች ረቡዕ ረቡዕ ውሃ ይዘጋል። የሚዘጋው በራሱ ነው፣ የሰው እጅ አያስፈልገውም። መርሐ ግብሩ «ወደ ምንጩ» ይባላል። በመጀመሪያው ረቡዕ ሰው ጀሪካኑን ይዞ ወጣ፤ ሐያት የወጣውን እየቆጠረች እንድትልክ ታዘዘች። በሁለተኛው ግማሹ ወጣ። በሦስተኛው ረቡዕ ምትኮች የሚነዷቸው፣ አራት እግር ያላቸው ተሸካሚ ማሽኖች ከየግቢው ብቅ አሉ። በአምስተኛው ዳገቱ ላይ ሰው አልነበረም። ተሸካሚዎቹ ተሰልፈው፣ ጀሪካን እየሞሉ፣ በባለቤቶቻቸው ድምፅ ሰላም ይባባላሉ። እሱም እንደ አካላዊ ግንኙነት ይመዘገባል።

ሰዓዳ ግን እሑድ እሑድ ግንቡ ላይ ነች። የቀረውን ጫፍ መልሳ ትሠራለች። በመጀመሪያው እሑድ ከአርባ ሦስቱ አሥራ ሰባቱ መጡ፤ ሐያትም ነበረች። በሁለተኛው ሰባት መጡ። ከዚያ ሦስት፤ ከዚያም ሐያት ብቻ። በመጨረሻ ሐያትን ወደ ሌላ ከተማ አዛወሯት። መምህር ሽበሺ በሰዓዳ ቤት፣ በልጆቿ ክፍል ተቀምጠው የጠፉትን ካርታዎች ከትዝታቸው ይሥላሉ። ምግብ ሲዘገይባቸው ብቻ ነው የሚማረሩት።

በስድስተኛው ረቡዕ ሰዓዳ ማጠራቀሚያውን ልታጥብ ስትወጣ ከሰልፉ ውስጥ አንዱ ተሸካሚ ዞረ። «እንዴት ዋልሽ፣ ሰዓዳ። ጠፋሽብኝ እኮ» አላት በደምሌ ድምፅ። ድምፁ የሞቀ፣ የጓደኛ ድምፅ ነበር። ያን ቀን በዝናቡ ውስጥ አልጋውን ተሸክሞ ሲያለከልክ ከሰማችው ድምፅ ጋር ምንም አይገናኝም።

መሣሪያዋን እዚያው ትታ ወረደች፤ ከመድኃኒት ቤቱ ጀርባ ሄዳ በሩን አንኳኳች። ብዙ ቆይቶ ደምሌ ከፈተ። አንገቱ ላይ ትልቅ የጆሮ ማዳመጫ አንጠልጥሏል።

«ምን ተበላሸ?» አላት።

«ምንም አልተበላሸም።»

ደምሌ በሩን እንደያዘ ቆመ። ሰዓዳ መንገዱን በሙሉ ያሰበችው ማንኳኳቱን ብቻ ነው።

«እናትዎ እንዴት ናቸው?» አለችው።

«ደህና ናት። ነቅታለች።» ከበሩ ጎን ያለው ትንሽ ስክሪን በራና የጉብኝቱን ምክንያት ጠየቀ። ምርጫዎቹ ተደረደሩ፤ ሕመም፣ ሐዘን፣ ሽምግልና፣ ዕቃ ማድረስ፣ የቧንቧ ብልሽት። ደምሌ ከላይ እስከ ታች አነበባቸው፤ እንደገና ከታች እስከ ላይ አነበባቸው። ከዚያ በጣቱ «የቧንቧ ብልሽት» የሚለውን ነካ።

«ስንት ሰዓት ይፈጃል ይላል» አለ።

«ከባድ ብልሽት ነው በለው» አለች ሰዓዳ።

ደምሌ እንዲያው አደረገና በሩን ከፍቶ አሳለፋት። «እማዬ፣ እንግዳ መጥቷል» ሲል፣ እናቱ ከውስጥ ማነው ብለው ጠየቁ። በሕይወታቸው ድምፅዋን ሰምተው የማያውቋት ሰዓዳ መልስ እስክትሰጣቸው ጠበቁ።